ልጆቻችን ድርሰት የሚጽፉት መቼ ነው?

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ፣

በቄስ ትምህርት ቤት ዘመን ማንበብና መጻፍ የግድ አብረው አይሄዱም ነበር። ልጁ ፊደል ይቆጥራል፤ ዳዊት ይደግማል፤ ብዕር ግን ላይጨብጥ ይችላል። ቁም ጽሕፈት ራሱን የቻለ ሙያ ነበር። መቃ መቅረጹን፣ ቀለም መበጥበጡን፣ ብራና ማስመሩን ተማሪው የሚቀስመው ከጸሐፊ እግር ስር ቁጭ ብሎ ነው። ዘመናዊው ትምህርት ቤት ሲመጣ ለተማሪው ሁሉ ደብተርና እርሳስ አስያዘው። በ1971 ዓ.ም. የተጀመረው የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ደግሞ ቀስ በቀስ በ15 ቋንቋዎች አዋቂዎችን ከፊደል ጋር አገናኘ። ስንት እናት በጣት አሻራ ፋንታ ስሟን ጽፋ መፈረም የቻለችው ያኔ ነው!

ዛሬስ? እኔ አማርኛ አስተምራለሁ። ተማሪዎቼ ከሰሌዳ ሲገለብጡ እጃቸው ፈጣን ነው። «ስለ ሰፈራችሁ ገበያ አንድ ገጽ ጻፉ» ስላቸው ግን ክፍሉ ጭጭ ይላል። አንዷ ጎበዝ ተማሪ «ቲቸር፣ ፈተና ላይ ይመጣል እንዴ?» አለችኝ። አልፈርድባትም። የ12ኛ ክፍል ብሔራዊ ፈተና ምርጫ ነው። በወረቀት የሚፈተነው ክብ ያጠቁራል፤ በኮምፒውተር የሚፈተነው መልሱን መርጦ ይጫናል። አንድም ዓረፍተ ነገር ከራሱ አፍልቆ ሳይጽፍ ዩኒቨርሲቲ ይገባል። እዚያ ሲደርስ ደግሞ የመመረቂያ ጽሑፍ አምጣ ይባላል። ከየት ያምጣው?

ለሚመለከታቸው ሁሉ ጥያቄዬ አንድ ነው። ፈተናው ውስጥ ድርሰት ይግባ። እርማቱ ጊዜና ገንዘብ እንደሚፈልግ አውቃለሁ፤ ቢሆንም ያዋጣል። ከስምንተኛ ክፍል ይጀመር፤ ለጊዜው አንድ አንቀጽ እንኳ ይበቃል።

የአማርኛ መምህር፣ ከደብረ ብርሃን