የጁሪ መጥሪያው ለሚደርሰው ሰው ይግባው፦ ለካውንቲያችን ፍርድ ቤት የጁሪ ጽሕፈት ቤት የተጻፈ ግልጽ ደብዳቤ

ለካውንቲያችን ፍርድ ቤት የጁሪ ጽሕፈት ቤት ኃላፊ

ጉዳዩ፦ ከጁሪ መጥሪያ ጋር የአማርኛ ማብራሪያ እንዲላክና በስልክ አስተርጓሚ እንዲመደብ ስለመጠየቅ

የተከበሩ የጽሕፈት ቤቱ ኃላፊ፣

ከዋሽንግተን ዲሲ አጠገብ በሚገኘው በዚህ ካውንቲ ከቤተሰቤ ጋር የምኖር፣ የአሜሪካ ዜግነት ካገኘሁ ዓመታት ያለፉኝ፣ ከዚህ በፊትም ለጁሪ፣ ማለትም ከተራ ዜጎች ተውጣጥቶ በፍርድ ቤት ውሳኔ ለሚሰጠው ቡድን፣ ተጠርቼ ያገለገልሁ ሰው ነኝ። የዚህ ደብዳቤ የእንግሊዝኛ ቅጂ በፖስታ ተልኮልዎታል። በአማርኛ በግልጽ ያወጣሁት ጉዳዩ የእኔ ቤት ብቻ ባለመሆኑና ተመሳሳይ ፖስታ የደረሳቸው ወገኖቼ ከጽሕፈት ቤትዎ ምን እንደጠየቅሁ እንዲያውቁት ስለፈለግሁ ነው። የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በዚህ አገር አቆጣጠር ናቸው።

ወላጅ እናቴ 68 ዓመቷ ነው። ልጆቼን በማሳደግ ልታግዘኝ መጥታ ግሪን ካርድ ይዛ አብራን ትኖራለች፤ ዜጋ አይደለችም። እንግሊዝኛዋም ከሰላምታና ከገበያ አያልፍም። ከጽሕፈት ቤትዎ በስሟ የተላከው የጁሪ መጥሪያ የደረሰ ዕለት እኔና ባለቤቴ ሥራ ላይ ነበርን። እናቴ በፖስታው ላይ ያለውን ማኅተም አይታ የመንግሥት ወረቀት መሆኑን ስለገመተች፣ የጎረቤታችንን የ11 ዓመት ልጅ እንዲያነብላት ጠየቀችው። እሱም ባለው አማርኛ፣ “እማማ፣ ፍርድ ቤት ይምጡ ይላል፤ ካልመጡ ቅጣት አለው ይላል” አላት። ልጁ አልተሳሳተም፤ ወረቀቱ በእርግጥ እንዲያ ይላል። እናቴን ለ12 ቀናት እንቅልፍ የነሳት ግን ወረቀቱ ሳይል የቀረው ነገር ነው፤ እንዳልተከሰሰች አልነገራትም።

ይህ ለምን እንደሆነ ለጽሕፈት ቤትዎ ማስረዳት ግዴታዬ ይመስለኛል። በኢትዮጵያ ፍርድ የሚሰጡት ዳኞች ናቸው፤ ተራው ሰው ከየቤቱ ተጠርቶ የአንድን ተከሳሽ ጥፋተኝነት የሚወስንበት የጁሪ ሥርዓት የለም። የፍርድ ቤት መጥሪያ የሚደርሰው ለተከሳሽ ወይም ለምስክር ነው፤ አብዛኛውን ጊዜም ይዞት የሚመጣው ጭንቀት ነው። “ጁሪ” የሚለውን ቃል እንኳ በአማርኛ ስንናገር እንዳለ እንወስደዋለን እንጂ እናቴ ከልጅነቷ ጀምሮ የምታውቀው የራሳችን ቃል የለውም። ስለዚህ እርሷ ያሰበችው በረንዳ ላይ ያሰጣችው ልብስ ውኃው እየተንጠባጠበ ታች ቤት ያሉትን ሰዎች አስቆጥቶ የከሰሷት መሆኑን ነው። ለእኔም አልነገረችኝም፤ ልጇን ከመንግሥት ጋር ላለማነካካት ብላ ወረቀቱን በመዝሙረ ዳዊቷ ገጾች መሐል አስቀመጠችው።

መጥሪያው መኖሩን ያወቅሁት በአጭበርባሪ ስልክ ምክንያት ነው። አንድ ምሽት ከሥራ ስገባ እናቴ ቦርሳዋን ይዛ፣ ጫማዋን አድርጋ ሳሎን ተቀምጣ አገኘኋት። የፖሊስ ባልደረባ ነኝ ያለ ሰው ደውሎ የጁሪ ቀጠሮ ስለቀረች የእስር ማዘዣ እንደወጣባትና ዛሬውኑ የስጦታ ካርድ ገዝታ ቁጥሩን ካላነበበችለት ሊወስዷት እንደሚመጡ ነግሯት ነበር። ከንግግሩ የገቧት “ኮርት”፣ “ፖሊስ”፣ “ጁሪ” እና “መኒ” የሚሉት አራት ቃላት ብቻ ሲሆኑ፣ እነሱም በቂዋ ነበሩ። ይህ ማጭበርበሪያ አዲስ አለመሆኑን ጽሕፈት ቤትዎ ከእኔ የተሻለ ያውቃል፤ የፌዴራል ፍርድ ቤቶችም ሆኑ የፌዴራል ንግድ ኮሚሽን ፍርድ ቤት በስልክ ገንዘብ እንደማይጠይቅ ደጋግመው አስጠንቅቀዋል። ማስጠንቀቂያው ግን አብዛኛውን ጊዜ የሚደርሰን በእንግሊዝኛ ነው፤ ሌባው ደግሞ የሚፈልገው ያንን ማስጠንቀቂያ ማንበብ የማይችለውን ሰው ነው። እውነተኛው መጥሪያ በፍርሃት ተደብቆ ባይቀመጥ ኖሮ የሐሰተኛውን ጥሪ እንዲህ ባላመነች ነበር።

በማግስቱ መጥሪያው ላይ ወዳለው ቁጥር ደወልሁ። የተቀዳው ድምፅ በእንግሊዝኛና በስፓኒሽ አማራጮቹን ካሰማኝ በኋላ ከ40 ደቂቃ በላይ ጠበቅሁ። ያነሳችልኝ ሠራተኛ ትሑት ነበረች፤ በእርሷ ቅሬታ የለኝም። ነገር ግን ጉዳዩን መናገር የምትችለው የተጠራችው ሰው ራሷ ብቻ እንደሆነች ነገረችኝ። እናቴን አቅርቤ አስተርጓሚ እንዲገባልን ስጠይቅ፣ አስተርጓሚ የሚመደበው ለችሎት እንጂ ለጽሕፈት ቤቱ ስልክ እንዳልሆነ ገለጸችልን። “ታዲያ ምን እናድርግ?” ብላት፣ “ቅጹን አንተ ሙላላትና ትፈርምበት” አለችኝ። እናቴ እንድትናገር የታዘዘችው በማታውቀው ቋንቋ፣ እንድትፈርም የተነገራት ደግሞ በማታነበው ወረቀት ላይ መሆኑ ነው። ይህንን ስንነጋገር ቀናት አልፈው ኖሮ፣ ለመጥሪያው መልስ አልሰጠሽም የሚል ሁለተኛ ደብዳቤ ደረሳት።

አሁን ከሁሉ በላይ ወደሚያሳስበኝ ነገር ልምጣ። የጁሪ ስም ዝርዝር የሚዘጋጀው ከመራጮች መዝገብ ብቻ ሳይሆን ከመንጃ ፈቃድና ከመታወቂያ መዝገብም ጭምር በመሆኑ፣ ዜጋ ላልሆነ ሰው መጥሪያ መድረሱ ስሕተት ሳይሆን የአሠራሩ ጠባይ ነው። እናቴ የመታወቂያ ካርድ ስላላት ስሟ ወጣ፤ በዚህ ማንንም አልወቅስም። አብሮ የሚላከው ቅጽ ግን ገና በመጀመሪያው ረድፍ “የዩናይትድ ስቴትስ ዜጋ ነዎት?” ብሎ ይጠይቃል፤ ከታች ደግሞ በሐሰት ምስክርነት እቀጣለሁ ብሎ የሚያስፈርም መስመር አለ። ቋንቋውን የማያውቅ፣ የፈራና ለመንግሥት ታዛዥ መስሎ ለመታየት የሚሻ ሰው ለጥያቄዎቹ ሁሉ “አዎን” እያለ ምልክት ቢያደርግ ምን ይሆናል? እ.ኤ.አ. በ1996 የወጣው የኢሚግሬሽን ሕግ፣ በፌዴራልም ሆነ በስቴት ሕግ ለሚገኝ ለማንኛውም ዓላማ ወይም ጥቅም ራሱን በሐሰት የአሜሪካ ዜጋ ያደረገን ሰው ከአገር እስከ መባረር የሚያደርስ መዘዝ አስቀምጦበታል፤ ለዜግነት በሚያመለክትበት ጊዜም ዜጋ ነኝ ብለህ ታውቃለህ ወይ ተብሎ በግልጽ ይጠየቃል። ግሪን ካርዱን አሥር ዓመት ጠብቆ ያገኘ አባት፣ ባልገባው ቅጽ ላይ ባደረገው አንዲት ምልክት የተነሳ በኢሚግሬሽን ጠረጴዛ ፊት ለመልስ ሊቀርብ ይችላል። ፍርድ ቤት ፍትሕ ለመስጠት ብሎ የላከው ወረቀት ለአንድ ቤተሰብ ወጥመድ እንዲሆን ጽሕፈት ቤትዎ እንደማይፈልግ አምናለሁ፤ የምጽፍልዎትም ስለማምን ነው።

ወረቀቱን መጣልም መፍትሔ አይደለም። በሰፈራችን “ዜጋ ካልሆንክ አይመለከትህም፣ ጣለው” የሚል ምክር ሲሰጥ በጆሮዬ ሰምቻለሁ። የማይመለከተው ማገልገሉ እንጂ መልስ መስጠቱ እንዳልሆነ፣ ዝም ያለ ሰውም ሁለተኛና ሦስተኛ ደብዳቤ እንደሚከተለው የሚነግራቸው ስለሌለ ነው። በቅጹ ላይ “ዜጋ አይደለሁም” ብሎ በእውነት መመለስ ጉዳዩን እንደሚዘጋው ቢያውቁ ማንም ወረቀቱን አይደብቀውም ነበር።

ስለዚህ የምጠይቀው ከባድ ነገር አይደለም። ከመጥሪያው ጋር አንዲት የአማርኛ ገጽ ትላክ። በትልልቅ ፊደል፣ የተከሰሱበት ጉዳይ እንደሌለ፣ ስምዎ በዕጣ እንደወጣ፣ ዜጋ ካልሆኑ “አይደለሁም” ብለው መልሰው ቅጹን እንዲልኩና ለማገልገል እንደማይገደዱ፣ ፍርድ ቤቱ በስልክ ገንዘብም ሆነ የባንክ ቁጥር እንደማይጠይቅዎት ትናገር። በዚያችው ገጽ ላይ ደግሞ አስተርጓሚ የሚገኝበት የስልክ ቁጥር ይሰፈር፤ ደዋዩ “አማርኛ” የሚለውን አንድ ቃል ብቻ ቢናገር ሠራተኛው መስመር ላይ አስተርጓሚ የሚያስገባበት አሠራር ይኑር። በሐኪም ቤት ይህ አገልግሎት በየዕለቱ ሲሰጥ እናያለን፤ እናቴ ስለ ደም ግፊቷ ከነርሷ ጋር የምትነጋገረው በዚሁ መንገድ ነው።

ይህ ልመና ብቻ ሳይሆን መሠረትም አለው። እ.ኤ.አ. በ1964 የወጣው የሲቪል መብቶች ሕግ ስድስተኛ ምዕራፍ ከፌዴራል መንግሥት ገንዘብ የሚቀበል ማንኛውም ተቋም በብሔራዊ ምንጭ ምክንያት እንዳያገል ይከለክላል፤ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም በ1974 በሳን ፍራንሲስኮ የቻይንኛ ተናጋሪ ተማሪዎች ጉዳይ፣ ሰው በማይገባው ቋንቋ ብቻ የሚሰጥ አገልግሎት እኩል አገልግሎት እንዳልሆነ ተናግሯል። ከእኛ አጠገብ ያለችው የዲሲ ከተማ በ2004 ባወጣችው የቋንቋ ተደራሽነት ሕግ የተነሳ የከተማዋ መሥሪያ ቤቶች ከሚያስተረጉሙባቸው ቋንቋዎች አንዱ አማርኛ ነው። ሕጉ የእርስዎን ጽሕፈት ቤት እንደማይገዛ አውቃለሁ። ያነሳሁት ሥራው ሊሠራ እንደሚችል፣ ከዚህ ጥቂት ማይል ርቆም እየተሠራ መሆኑን ለማመልከት ነው።

አንድ ነገር ግን በስሕተት እንዳይወሰድብኝ እፈልጋለሁ። የኒው ሜክሲኮ ሕገ መንግሥት እንግሊዝኛ የማይናገር ዜጋ በአስተርጓሚ ጁሪ ሆኖ እንዲቀመጥ ይፈቅዳል፤ እኔ የምጠይቀው ያንን አይደለም። በጁሪ ለማገልገል እንግሊዝኛ ማወቅን የሚጠይቀውን ሕግ አከብራለሁ። ሕጉ “አንተን አይመለከትህም” የሚለው ሰው ግን፣ እንደማይመለከተው በሚገባው ቋንቋ ሊነገረው ይገባል።

በሌላ በኩል፣ ጥሪው የሚመለከታቸውና እንግሊዝኛውንም የሚችሉ ብዙ ዜጎች አሉን፤ የእነሱም ዝምታ ያሳዝነኛል። እኛ ለዜግነት ፈተና እናጠናቸው ከነበሩት 100 ጥያቄዎች መካከል 49ኛው፣ የዜጎች ብቻ የሆነ አንድ ኃላፊነት ጥቀስ ይል ነበር፤ መልሱን “በጁሪ ማገልገል” ብለን በቃላችን ይዘን ነው መሐላ የፈጸምነው። እኔ ለመጀመሪያ ጊዜ ስጠራ እንደ እናቴ ደነገጥሁ፤ ከሌሎቹ ሰዎች ጋር ስቀመጥ ግን የተሰማኝ ባዕድነት አልነበረም። በልጅነቴ አባቴ የተጣሉ ሰዎችን ለማስታረቅ ከሽማግሌዎች ጋር ዛፍ ሥር ሲቀመጥ አይ ነበር፤ ሁለቱንም ወገን እስከ መጨረሻው መስማት፣ ቃልን መመዘን፣ ለዘመድ አለማድላት። “በሕግ አምላክ” የተባለ ሰው እግሩን ከሚያቆምበት አገር ለመጣ ሰው የጁሪ ወንበር እንግዳ መሆን የለበትም። ይህንን ለወገኖቼ የሚያስረዳ ሰው ቢገኝ ብዙዎቹ በፈቃዳቸው ይመጣሉ።

መምጣታቸውም ለፍርድ ቤቱ ይጠቅማል። እ.ኤ.አ. በ1954 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በኸርናንዴዝ ጉዳይ ላይ ሲወስን፣ በቴክሳስ ጃክሰን ካውንቲ ለ25 ዓመታት የሜክሲኮ ወይም የላቲን አሜሪካ ስም ያለው አንድም ሰው ለጁሪ አለመቀመጡ ተረጋግጦ ነበር። የዚያ ካውንቲ ሰዎች የቀሩት እንዲቀሩ ስለተደረገ ነው፤ በእርስዎ ጽሕፈት ቤት እንዲህ ያለ አድልዎ አለ አልልም። ነገር ግን ፖስታውን ፈርቶ የሚደብቅ ማኅበረሰብም በጁሪ ወንበር ላይ አይታይም፤ የእኛ ልጅ ተከሳሽ ሆኖ ሲቆም ከ12ቱ የጁሪ አባላት መካከል ስሙን በትክክል መጥራት የሚችል አንድ ሰው ላያገኝ ይችላል።

በሰዓት የሚከፈላቸውንና የታክሲና የኡበር ሾፌሮችንም በአጭሩ ላንሳ። የቀን ገቢያቸው በዚያው ቀን የሚቋረጥ በመሆኑ፣ ቀጠሮን ወደ ሌላ ጊዜ ማዛወር የሚቻል መሆኑን ብዙዎቹ ስለማያውቁ ዝም ብለው ይቀራሉ። ስቅለት በዋለበት ዓርብ ወይም በዒድ ቀን የተጠራ ሰውም እንዲሁ። ያችው የአማርኛ ገጽ ላይ ይህንን የሚገልጽ አንድ ዓረፍተ ነገር ቢጨመር ይበቃል።

የገጿን ረቂቅ አዘጋጅቼ ከእንግሊዝኛው ቅጂ ጋር አያይዤ ልኬያለሁ። በሙያቸው አስተርጓሚ የሆኑ ሰዎች እንዲመረምሩት እለምናለሁ፤ እኔ የሕግ ቃላት ባለሙያ አይደለሁም። ጽሕፈት ቤትዎ ሊያነጋግረኝ ቢፈልግ በቀጠራችሁኝ ቀን ከሥራ ፈቃድ ወስጄ እመጣለሁ።

የእናቴ ቅጽ “ዜጋ አይደለሁም” በሚለው ቦታ ላይ ምልክት ተደርጎበት፣ በራሷ እጅ ተፈርሞና ከግሪን ካርዷ ቅጂ ጋር በአደራ ደብዳቤ ከተላከ አምስት ሳምንት ሆኖታል። ሁለቱም መጥሪያዎች አሁንም በመዝሙረ ዳዊቷ መሐል ናቸው፤ ጉዳዩ ተዘግቷል የሚል ወረቀት ከፍርድ ቤቱ እስኪመጣ ድረስ አላወጣቸውም ብላኛለች። እባክዎን ያንን ወረቀት ይላኩላት።

ከአክብሮት ጋር፣
የካውንቲው ነዋሪ የሆነ ልጇ