የአማካይ ተጫዋቿ ዕድሜ በአንድ ዓመት ውል ሲለካ፦ ለኢትዮጵያ እግር ኳስ ፌዴሬሽን የተጻፈ ግልጽ ደብዳቤ

ለኢትዮጵያ እግር ኳስ ፌዴሬሽን
ፕሬዚዳንት ጽሕፈት ቤት
አዲስ አበባ

ጉዳዩ፦ የሴት ተጫዋቾችን የውል ዘመን፣ የጉዳት ክፍያና የወሊድ ፈቃድ ይመለከታል

ክቡር ፕሬዚዳንት፣

የከበረ ሰላምታዬን አስቀድሜ ወደ ጉዳዬ እገባለሁ። በክለብ ደረጃ በመሃል ሜዳ፣ በአማካይነት የተጫወትሁ፣ ዛሬ በሀዋሳ ታዳጊ ሴቶችን የማሠለጥን ባለሙያ ነኝ። አቤቱታዬ አንድ ነው፤ በአገራችን የሴት አማካይ የእግር ኳስ ዘመን ገና ሊያፈራ ሲል ይቆረጣል። የሚቆርጠው ደግሞ የችሎታዋ ማነስ ሳይሆን የፈረመችው የውል ወረቀት ነው። ያንን ወረቀት ማስተካከል የሚችለው እርስዎ የሚመሩት መሥሪያ ቤት ስለሆነ ደብዳቤዬን ለእርስዎ ጻፍሁ።

ከሌሎቹ ቦታዎች አማካይን ለይቼ የማነሣው በምክንያት ነው። አጥቂ ግብ ታስቆጥራለች፤ ግብ ይመዘገባል፣ ይወራል፣ ድንበርም ይሻገራል። ሎዛ አበራ በስዊድኑ ኩንግስባካ፣ በማልታው ቢርኪርካራ፣ በኋላም በአሜሪካው ዲሲ ፓወር ለመጫወት የበቃችው ግቦቿ መንገድ ስለጠረጉላት ነው፤ በማልታ የሊጉ ከፍተኛ ግብ አስቆጣሪ ስትሆን ሁላችንም ኮርተናል። የአማካይ ሥራ ግን ቁጥር አይወጣለትም። ተቀናቃኝ ማጥቃት ሳይጀምር መንገዱን የዘጋች፣ ሁለት ተጫዋቾች ከብበዋት ሳለ ኳሱን ወደ መስመር አዙራ ቡድኗን ያሳረፈች፣ መሪነቱን ለማስጠበቅ በመጨረሻዎቹ ደቂቃዎች ጨዋታውን ያቀዘቀዘች ተጫዋች በማግስቱ ስሟ አይነሣም። ክለቡ ሊያሰናብታት ሲወስን ጠረጴዛ ላይ የምታስቀምጠው ማስረጃ የላትም።

ሁለተኛው ምክንያት ከመጀመሪያው ይከብዳል። አማካይ የምትበስለው ዘግይታ ነው።

ልጆቼን መጀመሪያ የማለማምዳቸው አንገት ማዞር ነው። ኳሱ ወደ እነርሱ እየተንከባለለ ሳለ፣ እግራቸው ላይ ከመድረሱ በፊት፣ በግራና በቀኝ ትከሻቸው በኩል እንዲያዩ። የ15 ዓመቷ ልጅ ስለታዘዘች ትዞራለች፤ ያየችውን ግን አትይዘውም። ኳሱ ሲደርሳት ዓይኗ ጫማዋ ላይ ይቀራል፣ ከኋላዋ የመጣችው ልጅ ትነጥቃታለች። ጥቂት ዓመታት ሲያልፉ ያቺው ልጅ ከኋላዋ የምትመጣውን አይታ ኳሱን በውጭኛው እግሯ ትቀበላለች። ከዚያ ደግሞ ብዙ ተጫውታ፣ ብዙ ተሸንፋ፣ ተቀናቃኟ በየትኛው እግሯ እንደምትገባ፣ የራሷ የመስመር ተጫዋች መቼ ሩጫ እንደምትጀምር ሳትዞር ታውቃለች። ይህ ዕውቀት ከጂምናዚየም አይገኝም፤ ፍጥነትም አይተካውም። የሚገኘው ሜዳ ላይ በመቆየት ብቻ ነው። እኔ ካሠለጠንኋቸውና አብሬያቸው ከተጫወትኋቸው መካከል ጨዋታን እንዲህ ማንበብ የጀመሩት ከ25 ዓመት ዕድሜያቸው በኋላ ነው፤ አብዛኞቹ ግን በዚያ ዕድሜያቸው ኳስ አቁመው ነበር።

ሩቅ ሳንሄድ ሞሮኮን እንይ። ግዝላን ሸባክ እ.ኤ.አ. በ1990 በካዛብላንካ የተወለደች አማካይ ናት። እ.ኤ.አ. በ2022 አገሯ ያዘጋጀችው የአፍሪካ ሴቶች ዋንጫ ሲካሄድ 31 ዓመቷ ነበር፤ ሞሮኮ ለፍጻሜ ደረሰች፣ ለመጀመሪያ ጊዜም ለዓለም ዋንጫ አለፈች፣ የውድድሩ ኮከብ ተጫዋች ተብላ የተመረጠችውም እርሷ ነበረች። እ.ኤ.አ. በ2025 ሐምሌ ወር በተካሄደው ቀጣዩ የአፍሪካ ዋንጫ ደግሞ፣ 35 ዓመት ሊሞላት ጥቂት ሳምንታት ሲቀሯት፣ በአምስት ግቦች የውድድሩ ከፍተኛ ግብ አስቆጣሪ ሆነች። ሸባክ ድንቅ ተጫዋች መሆኗ አያጠያይቅም። ነገር ግን የሞሮኮ ፌዴሬሽን እ.ኤ.አ. ከ2020 ጀምሮ የሴቶች ሊጉን በሙያተኛ ሥርዓት አዋቅሮ ለክለቦች የደመወዝ ድጋፍ ባይሰጥ ኖሮ፣ በዚያ ዕድሜ ከልምምድ ሌላ ሐሳብ ሳይኖራት መጫወት ትችል ነበር? ብራዚላዊቷ አማካይ ፎርሚጋም በሰባት የዓለም ዋንጫዎች ተሰልፋለች፤ በተወለደችበት ዓመት እኮ በአገሯ ሴት እግር ኳስ እንዳትጫወት የሚከለክለው ድንጋጌ ገና አልተሻረም ነበር።

እኛ ችሎታ አላነሰንም። የሴቶች ብሔራዊ ቡድናችን ሉሲዎቹ እ.ኤ.አ. በ2004 ደቡብ አፍሪካ ላይ በአፍሪካ ዋንጫ አራተኛ ሆነዋል። ለመጨረሻ ጊዜ የተሳተፍነው እ.ኤ.አ. በ2012 ነው። ከ20 ዓመት በታች ቡድናችን እ.ኤ.አ. በ2021 ኡጋንዳ ላይ የሴካፋን (የምሥራቅና መካከለኛው አፍሪካን) ዋንጫ አንሥቷል፤ በዓለም ዋንጫ ማጣሪያውም እስከ መጨረሻው ዙር ደርሶ በጋና ተሸነፈ። ኢትዮጵያ ንግድ ባንክ እ.ኤ.አ. በ2024 አዲስ አበባ ላይ የቀጠናውን የሴቶች ሻምፒዮንስ ሊግ ማጣሪያ አሸንፎ ሞሮኮ ድረስ ሄዷል። ታዳጊዎቻችን ከእኩዮቻቸው ጋር ሲገጥሙ አያንሱም፤ የሚያንሱት ሌሎቹ ወደ ዋናው ቡድን አድገው ዓመታት ሲያካብቱ የእኛዎቹ መሃል ላይ ስለሚቋረጡ ነው። እ.ኤ.አ. በ2021 ዋንጫውን ያነሡት ልጆች ዛሬ ሊያብቡ የሚገባቸው ዕድሜ ላይ ናቸው። ፌዴሬሽኑ ከእነርሱ ስንቶቹ አሁንም እንደሚጫወቱ፣ ስንቶቹም ለምን እንዳቆሙ በስም ለይቶ ቢያጣራ ከእኔ ደብዳቤ በላይ ይነግረዋል።

አሁን ወደ ወረቀቱ ልምጣ።

ብዙዎቹ የሴቶች ክለቦች የሚተዳደሩት በከተማ አስተዳደር ወይም በመንግሥት ተቋም በጀት ነው። በጀቱ ሰኔ 30 ይዘጋል፤ የተጫዋቿም ውል ከበጀቱ ጋር ይዘጋል። በየክረምቱ ቤት ታስረክባለች፣ ሻንጣዋን ይዛ ወደ ወላጆቿ ትመለሳለች፣ ስልክ እስኪደወልላት ትጠብቃለች። አዲስ አሠልጣኝ ከመጣ የሚያውቃቸውን ልጆች ይዞ ይመጣል። ሦስት ዓመት አንድ ቡድን ውስጥ አብረው የሠሩ የመሃል ሜዳ ተጫዋቾች ማግኘት ብርቅ የሆነውም ለዚህ ነው። አማካይ ደግሞ ከጎኗ ያለችውን ካላወቀች ግማሽ ተጫዋች ናት።

ጉዳት ሲመጣ ነገሩ ይከፋል። ሴት ተጫዋቾች የጉልበትን መስቀለኛ ጅማት በመበጠስ ከወንዶች በእጅጉ የበለጠ ተጋላጭ መሆናቸው በሕክምናው ዓለም የታወቀ ነው። አማካይ ደግሞ ሥራዋ መዞር፣ ድንገት መቆምና አቅጣጫ መቀየር ስለሆነ ጉልበቷ ዕረፍት የለውም። ከቀዶ ሕክምናው በኋላ ለመመለስ ዘጠኝ ወርና ከዚያም በላይ ያስፈልጋል። የባርሴሎናዋ አማካይ አሌክሲያ ፑቴያስ እ.ኤ.አ. በ2022 የአውሮፓ ዋንጫ ሊጀመር አንድ ቀን ሲቀረው ይህ ጉዳት ደረሰባት፤ ሜዳ የተመለሰችው በተከታዩ ዓመት ሚያዝያ ነው። ክለቧ ጠበቃት። በእኛ አገር ዘጠኝ ወር ማለት የውሏ ዕድሜ ነው ማለት ይቻላል። አብራኝ የተጫወተች፣ ከእኔ እጅግ የተሻለች አማካይ፣ ጉልበቷ በልምምድ ላይ ተጎድቶ የቡድኑ ወጌሻ በበረዶ ካሰረላት በኋላ ቀሪውን ሕክምና ቤተሰቧ በሬ ሸጦ ነው ያሳከማት። ክለቡ ውሏን አላደሰም። በውሉ ላይ ክለቡን ማገልገል ካልቻለች ስምምነቱ እንደሚቋረጥ ተጽፎ ነበር፤ ከፈረመች በኋላ ቅጂው እንኳን አልተሰጣትም።

ክቡር ፕሬዚዳንት፣ ይህ የሕግ ክፍተት ቢሆን ኖሮ ሕግ ይውጣ ብዬ ለፓርላማ እጽፍ ነበር። ሕጉ ግን አለ። የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 በሥራ ላይ ጉዳት የደረሰበት ሠራተኛ ለመጀመሪያዎቹ ሦስት ወራት ሙሉ ደመወዙን፣ ለቀጣዮቹ ሦስት ወራት ከ75 በመቶ ያላነሰ፣ ከዚያ በኋላ ላሉት ስድስት ወራት ከ50 በመቶ ያላነሰ እንዲከፈለው ይደነግጋል። አንድ ዓመት ማለት ነው፤ ጉልበት የሚድንበት ጊዜ። በክለብ መርሐ ግብር የምትነሣ፣ በክለብ ማልያ የምትጫወት፣ በወር ደመወዝ የምትፈርም ሴት ሠራተኛ ካልተባለች ማን ሊባል ነው?

ወሊድም እንዲሁ ነው። አዋጁ ከወሊድ በፊት 30፣ ከወሊድ በኋላ 90 ተከታታይ ቀናት ከሙሉ ክፍያ ጋር ይሰጣል፤ ነፍሰ ጡር ሳለችና ከወለደች በኋላ ባሉት አራት ወራት እንዳትሰናበትም ይጠብቃታል። ፊፋ ደግሞ እ.ኤ.አ. ከጥር 2021 ጀምሮ በሥራ ላይ ባዋለው ደንብ ቢያንስ የ14 ሳምንት የወሊድ ፈቃድ ከደመወዟ ሁለት ሦስተኛ ጋር እንዲሰጣት፣ ስትመለስም ክለቡ እንዲቀበላት ያዛል። በእርግዝና ምክንያት ውል ማቋረጥን ያለ በቂ ምክንያት የተደረገ ስንብት አድርጎ ይቆጥረዋል። የአገር ሕግ ከፊፋው የተሻለ ከሆነም የተሻለው እንዲሠራ ይፈቅዳል። የእኛ ሕግ በቀኑም በክፍያውም ከፊፋው ይበልጣል! እንዲህ ያለ ሕግ ይዘን ነው ሴቶቻችን እርግዝናቸውን ደብቀው ልምምድ የሚሠሩት፣ ወይም ሳይሰናበቱ በፊት ራሳቸው ጠፍተው የሚቀሩት።

ደንቡ የወረቀት ጌጥ አለመሆኑን አንዲት አማካይ አሳይታለች። አይስላንዳዊቷ ሳራ ቢዮርክ ጉናርስዶቲር እ.ኤ.አ. በ2020 በሻምፒዮንስ ሊግ ፍጻሜ ለኦሎምፒክ ሊዮን ግብ ያስቆጠረች ተጫዋች ናት። በተከታዩ ዓመት ስታረግዝ ክለቧ ሙሉ ደመወዟን አልከፈላትም። በዓለም አቀፉ የተጫዋቾች ማኅበር ድጋፍ ለፊፋ ከሰሰች፤ ፊፋም ከ82,000 ዩሮ በላይ ከነወለዱ እንዲከፈላት ወሰነ። ከወለደች በኋላ ወደ ሜዳ ተመለሰች፣ ለጁቬንቱስም ፈረመች። ሳራ ጠበቃ፣ ማኅበርና ስም ነበራት። ከወረዳ ፕሮጀክት መጥታ በከተማ ክለብ የምትጫወት የ23 ዓመት ልጅ ከፌዴሬሽኑ በቀር ማን አላት?

ክለቦቹ ገንዘብ የለንም እንደሚሉ አውቃለሁ፤ ብዙዎቹም እውነታቸውን ነው። ደመወዝ ለወራት የሚዘገይባቸው ክለቦች አሉ። ነገር ግን በአንድ ቡድን ውስጥ በአንድ ዓመት የሚወልዱት ስንት ናቸው? ፊፋም ቢሆን ለወሊድ የወጣችውን የምትተካ ተጫዋች ከዝውውር መስኮት ውጭ ማስመዝገብ ፈቅዷል። ለጉዳቱ ደግሞ ክለቦቹ በየግላቸው ኢንሹራንስ መግዛት ካቃታቸው ፌዴሬሽኑ ለሊጉ ተጫዋቾች ሁሉ በአንድነት ውል ቢገባ ዋጋው ይቀንሳል።

ስለዚህ የምጠይቀው ይህ ነው። ፌዴሬሽኑ ለሴቶች ፕሪሚየር ሊግና ለከፍተኛ ሊግ አንድ ወጥ የውል ቅጽ ያዘጋጅ፤ በዚያ ቅጽ ውስጥ የአዋጁ የጉዳትና የወሊድ ድንጋጌዎች በግልጽ ይጻፉ፤ ከእነርሱ የሚቃረን ውል በፌዴሬሽኑ አይመዝገብ። ከ23 ዓመት በታች ላለች ተጫዋች የመጀመሪያ ውሏ ከሁለት ዓመት አይነስ። ቅጂው በምዝገባው ዕለት በእጇ ይሰጣት። የክለብ ፈቃድ ሲሰጥም ክለቡ የሴቶች ቡድን አለው ወይ ብሎ ብቻ መጠየቅ አይበቃም፤ ያለፈው ዓመት ተጫዋቾቹ የት ደረሱ፣ በጉዳትና በእርግዝና የወጣች አለች ወይ፣ ተከፍሏታል ወይ ተብሎ ይጠየቅ። ተጫዋቿ በስልክም ሆነ በአካል አቤት የምትልበት፣ የእግር ኳስንም የሠራተኛ ሕግንም የምታውቅ ሴት ባለሙያ በጽሕፈት ቤታችሁ ትመደብ።

በየዓመቱ ልጆች ለማስመዝገብ የሚመጡ አባቶች የሚጠይቁኝ ጥያቄ አለ። ልጃቸው ጎበዝ መሆኗን አይጠይቁም፤ ያንን አይተውታል። የሚጠይቁኝ “እስከ መቼ ትጫወታለች? ብትጎዳስ? ስታገባስ?” ብለው ነው። ስለ ችሎታዋ ማረጋገጫ ልሰጣቸው እችላለሁ፤ በዚህ ጥያቄ ላይ ግን የማሳያቸው ወረቀት የለኝም። አንዳንዱ ልጁን ይዞ ይመለሳል፣ እኔም አልፈርድበትም።

የመጪው ዓመት የዝውውር መስኮት ሳይከፈት ቅጹ ለክለቦች እንዲደርስ እጠይቃለሁ። ረቂቁን ለማዘጋጀት የቀድሞ ተጫዋቾች ከተፈለጉ፣ በራሴ ወጪ አዲስ አበባ ድረስ ለመምጣት ዝግጁ ነኝ፤ የሚመጡ ሌሎችም አሉ። ምላሽዎን በጽሑፍ እጠብቃለሁ።

ከታላቅ አክብሮት ጋር

የቀድሞ አማካይ፣ የታዳጊ ሴቶች አሠልጣኝ
ሀዋሳ

ግልባጭ፦
ለባህልና ስፖርት ሚኒስቴር
ለሴቶች ፕሪሚየር ሊግ ክለቦች በሙሉ