የንጉሡ ክንድና የጳጳሱ እንጆሪ፦ ደብዳቤ ለልጄ

ደሴ

ውድ ልጄ፣

ለጤናሽ እንደምን ሰነበትሽልኝ? እኔ ከጉልበቴ ሕመም በቀር እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። ስለ ልዑል አለማየሁ የጻፍሽው የተውኔት ረቂቅ ከደረሰኝ ሁለት ሳምንት ሆነው። መጀመሪያ እንደ እናት፣ ቀጥሎ ደግሞ ዕድሜዋን ታሪክ በማስተማር እንዳሳለፈች ሴት አነበብሁት፤ እናትየዋ አለቀሰች፣ አስተማሪዋ ግን እርሳስ አነሣች። ከረቂቁ ጋር በላክሽው ማስታወሻ «እንግሊዞቹ የራሳቸውን ነገሥታት መድረክ ላይ እንደፈለጉ ሲያደርጓቸው ኖረዋል፤ እኔ ንግሥት ቪክቶሪያን ያልተናገረችውን ባናግራት ምን ነውር አለው?» ብለሽ ጠይቀሽኛል። ጥያቄው በስልክ የሚመለስ ስላልሆነ ነው መልሱ ይህን ያህል የዘገየብሽ። ዓመታቱን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር እጽፋቸዋለሁ።

ከጎረቤትሽ ልጀምር። አንቺ በምትኖሪበት በለስተር ከተማ፣ በ2012 ከአንድ የመኪና ማቆሚያ ሥር አጽም ተቆፍሮ መውጣቱንና በ1485 በቦስዎርዝ ጦር ሜዳ በ32 ዓመቱ የወደቀው የንጉሥ ሣልሳዊ ሪቻርድ አጽም መሆኑ መረጋገጡን ከእኔ ይልቅ አንቺ ታውቂዋለሽ፤ በ2015 በካቴድራሉ ሲቀበር የነበረውን ሥርዓት እኔም በቴሌቪዥን ተመልክቻለሁ። አጽሙ የጀርባ አጥንቱ ወደ ጎን የተጣመመ፣ ምናልባትም አንዱ ትከሻው ከሌላው ከፍ ያለ ሰው እንደነበረ አሳየ። ክንዶቹ ግን ሁለቱም ደህና ናቸው። ሼክስፒር ለአራት መቶ ዓመታት ለዓለም ያሳየው ሪቻርድ ደግሞ ጀርባው የጎበጠ፣ አንድ እጁ የሰለለ ሰው ነው።

ያ ክንድ የሚገለጥበትን ትዕይንት አስታውሺው፤ ሦስተኛው ገቢር፣ አራተኛው ትዕይንት ላይ ነው። መኳንንቱ የሕፃኑን የአምስተኛውን ኤድዋርድ የዘውድ በዓል ቀን ለመቁረጥ በለንደን ግንብ ተሰብስበዋል። ሪቻርድ ዘግይቶ፣ ፊቱ ፈክቶ ይገባና የኢሊውን ጳጳስ «በአትክልት ቦታህ መልካም እንጆሪ አይቻለሁ፤ እባክህ ጥቂት አስመጣልኝ» ይለዋል፤ ጳጳሱም ደስ ብሎት ሰው ይልካል። ሪቻርድ ወጣ ብሎ ሲመለስ ሌላ ሰው ሆኗል። ክንዱን ገልጦ እንደ ተቃጠለ ችግኝ ደርቆ እዩት፣ መተት ተደርጎብኛል ይላል። ሎርድ ሄስቲንግስ «አድርገውት እንደሆነ» ብሎ ሲጀምር፣ «እንደሆነ ትለኛለህ?» ብሎ በዚያች በአንዲት ቃል ከሃዲ ያደርገውና ራሱ ተቆርጦ ሳያይ ምሳ እንደማይቀምስ ይምላል። ያቺ እንጆሪ ባትኖር ትዕይንቱ እንዲህ አያስፈራም ነበር፤ ፍሬ አምሮት የገባ ሰው የሰው ራስ ይዞ ወጣ።

ሼክስፒር ይህን ከራሱ አላመነጨውም። በ1587 ለሁለተኛ ጊዜ ከታተመው ከሆሊንሼድ ዜና መዋዕል ነው የወሰደው፤ ዜና መዋዕሉም ታሪኩን የወረሰው ከቶማስ ሞር ድርሰት ነው። ቶማስ ሞር ሪቻርድ ሲሞት የሰባት ዓመት ልጅ ነበር፤ ነገር ግን በልጅነቱ በጆን ሞርተን ቤት በአሽከርነት አገልግሏል፤ ያ ሞርተን ደግሞ በዚያው ስብሰባ ላይ ተይዞ የታሰረው ባለ እንጆሪው ጳጳስ፣ የሪቻርድ ጠላት ነው። እንግዲህ እንጆሪው እዚያ ከነበረ ሰው አፍ የወጣ ይመስላል። ክንዱ ግን በእንጆሪው ተጠቅልሎ ገባ። ትንሿ እውነት ትልቁን ሐሰት ተሸክማ ስታሻግር ካየኋቸው ሁሉ ይህን የሚያህል የለም። ተውኔቱ በተጻፈበት በ1590ዎቹ መጀመሪያ ዙፋኑ ላይ የነበረችው ኤልሳቤጥ ቀዳማዊት፣ ሪቻርድን በቦስዎርዝ ድል የነሣው የሰባተኛው ሄንሪ የልጅ ልጅ መሆኗንም አትርሺ። የዜና መዋዕል ጸሐፊ የማንን እንጀራ እየበላ እንደጻፈ ሳትጠይቁ እንዳታምኑት ስል አንቺም ከተማሪዎቼ መካከል ተቀምጠሽ ሰምተሽኛል፤ ያኔ ስለ ጎንደር ነበር የምናወራው።

ከዚያው ተውኔት ደግሞ ሌላውን ፈጠራ ተመልከቺ። የስድስተኛው ሄንሪ መበለት ንግሥት ማርጋሬት በቤተ መንግሥቱ እየተዘዋወረች ሁሉንም በየስሙ ትረግማለች፤ በታሪክ ግን ይህች ሴት ወደ ፈረንሳይ ተሸኝታ፣ ሪቻርድ ዘውድ ከመጫኑ በፊት በ1482 እዚያው ሞታለች። በአራተኛው ገቢር ሦስቱ ሴቶች፣ ማለትም ማርጋሬት፣ የአራተኛው ኤድዋርድ መበለትና የሪቻርድ የገዛ እናቱ፣ መሬት ላይ ተቀምጠው ሙታናቸውን ይቆጥራሉ፤ «ኤድዋርድ ነበረኝ፣ ሪቻርድ እስኪገድለው» ትላለች አንዷ፤ ሌላዋ ያንኑ ቤት ተቀብላ ስሙን ብቻ እየለወጠች ትመልሳለች። ሙሾ ነው እኮ! ለቅሶ ቤት የተቀመጠ ሰው ያውቀዋል። ልጆቿ የተገደሉባት ንግሥት «መራገምን አስተምሪኝ» ስትላት፣ ማርጋሬት ሌሊት አትተኚ፣ ቀን ጹሚ፣ የሞተውን ደስታሽን በሕይወት ካለው ሐዘንሽ ጋር አስተያዪ ብላ ትመክራታለች።

ይህም ከታሪክ ጋር አይገጥምም፤ ግን ማንን ከሰሰ? ማንንም። ሼክስፒር ማርጋሬትን ከመቃብር ሲያስነሣት የዋሸው በጊዜ ላይ ነው፤ የሪቻርድን ክንድ ሲያሰልል የዋሸው በሰው ላይ ነው። ለጥያቄሽ ያለኝ መልስ ከሞላ ጎደል ይኸው ነው፤ የቀረውን ግን ሳላሳይሽ አልለቅሽም።

በአራተኛው ሄንሪ ተውኔት በንጉሡ ላይ ያመፀው ባላባት ሆትስፐርና አልጋ ወራሹ እኩዮች ናቸው፤ በእውነቱ ሆትስፐር ከልዑሉ አባት ከንጉሡም በዕድሜ ይበልጣል፤ በ1403 ሽሩስበሪ ላይ ሲወድቅ ልዑሉ ገና የ16 ዓመት ልጅ ነበር። ንጉሡ ምነው ሁለቱ ሕፃናት በአልጋቸው ተለዋውጠው በነበረ እያለ የሚመኘው ያለዚህ ማስተካከያ ትርጉም አይኖረውም፤ ስለዚህ ይሁን። በዚያው ተውኔት የሚገኘው ቦርጫሙ ሰካራም ባላባት ግን መጀመሪያ ስሙ ፎልስታፍ አልነበረም፤ በ1417 ስለ እምነቱ የተገደለው የሰር ጆን ኦልድካስል ስም ነበር የተሰጠው። የማዕረጉ ወራሾች የኮብሃም ሎርዶች ቅር ሳይሰኙ አልቀሩም መሰለኝ፣ ስሙ ተለወጠ፤ በሁለተኛው ክፍል ማብቂያም ተዋናዩ ወጥቶ ኦልድካስል ሰማዕት ሆኖ እንደሞተና ይህ ሰው እሱ እንዳልሆነ ለሕዝቡ ይናገራል። ጸሐፌ ተውኔት መድረክ ላይ ቆሞ ይቅርታ ሲጠይቅ በብዛት አላጋጠመኝም፤ ሪቻርድ ግን የሚከራከርለት ወራሽ አልነበረውም።

እንደፈለጉ ሲያደርጓቸው ኖረዋል ያልሽውም ትክክል አይደለም። በየካቲት 1601 የኤሴክስ መስፍን ደጋፊዎች ዙፋኑን የተነጠቀውን የዳግማዊ ሪቻርድን ተውኔት እንዲያሳዩላቸው ለሼክስፒር ጓዶች ከወትሮው ክፍያ በላይ 40 ሺሊንግ ጨመሩላቸው፤ በማግስቱ መስፍኑ አመፀ፤ ወሩ ሳያልቅም አንገቱ ተቀላ። ንጉሡ ዘውዱን የሚያስረክብበት ትዕይንት ኤልሳቤጥ በሕይወት ሳለች በታተሙት ቅጂዎች ውስጥ የለም፤ የወጣው በ1608 ነው። ከ1737 እስከ 1968 ድረስ ደግሞ ሎርድ ቻምበርሌን የሚባለው የቤተ መንግሥት ሹም ያልፈቀደው አዲስ ተውኔት በሕዝብ ቴአትር ቤት አይታይም ነበር። ንግሥት ቪክቶሪያን ራሷን በሕዝብ መድረክ ላይ ማሳየት የተቻለው ከሞተች ከ36 ዓመታት በኋላ፣ በ1937 ነው። አንቺ ዛሬ እንደ ቀላል ነገር የያዝሽውን ነጻነት ያገሩ ጸሐፊዎች ሁለት መቶ ዓመት ከሳንሱር ጋር ሲታገሉ አግኝተውታል።

ወደ ቶማስ ሞር ልመለስ፤ ይህ ሰው ያስገርመኛል። ሪቻርድን ያጠቆረው ሰው በሌሎች እጅ ሲነጣ ኖሯል። በ1590ዎቹ ወይም በ1600ዎቹ መጀመሪያ ስለ እርሱ የተጻፈ አንድ ተውኔት በእጅ ጽሑፍ እስከ ዛሬ አለ፤ ከገጾቹ ሦስቱ የሼክስፒር የራሱ እጅ ጽሑፍ እንደሆኑ ብዙዎቹ ሊቃውንት ይስማማሉ። በእነዚያ ገጾች ላይ ሞር በ1517 በለንደን ስደተኞችን ለማባረር የተነሣውን ሕዝብ ያቆመውና፣ ንጉሡ እናንተን ከአገር ቢያስወጣችሁ ወዴት ትሄዱ ነበር፣ እናንተስ በሄዳችሁበት ባዕድ አትሆኑምን ብሎ ይጠይቀዋል። የሳንሱር ሹሙ ግን የአመፁን ነገር ጨርሳችሁ አውጡት ብሎ በሕዳጉ ጻፈበት። ይህን ሳነብ አንቺ በመጀመሪያው ክረምትሽ አውቶቡስ ላይ የገጠመሽን በስልክ የነገርሽኝን አሰብሁ፤ ለዚህ ንግግር ስል ብዙ ጥፋት ይቅር እላለሁ።

ሮበርት ቦልት ግን በ1960 ሞርን እንደገና ሲያመጣው ለሕሊናው የሞተ ንጹሕ ሰው አድርጎ አቀረበው። ሞር የሄንሪ ስምንተኛውን የቤተ ክርስቲያን ራስነት አልቀበልም ብሎ በ1535 መሰየፉ እውነት ነው። በጠቅላይ ዳኝነቱ ዘመን ስድስት ሰዎች መናፍቃን ተብለው መቃጠላቸውም እውነት ነው፤ ይህ ግን በተውኔቱ የለም። ቦልትን የምወድለት ሌላ ነገር አለ፦ «ተራው ሰው» የሚለው ገጸ ባሕርይ በተመልካች ፊት ከቅርጫት ልብስ እያወጣ አሁን አሽከር፣ አሁን ጀልባ ቀዛፊ፣ በመጨረሻም ሰያፊ ይሆናል፤ ይህ ተውኔት መሆኑን ማንም እንዳይረሳ። ስፌቱን አሳየ፤ ቀዳዳውን ግን ሸፈነ።

ሁለቱንም ያላጠፋ አንድ ሰው ብትይኝ ማይክል ፍሬይን ነው። በ1998 በታየው ተውኔቱ፣ ለናዚዎች የአቶም ቦምብ ሊሠራ ሞክሯል ተብሎ የሚከሰሰው ጀርመናዊው የፊዚክስ ሊቅ ሃይዘንበርግ በመስከረም 1941 በናዚ በተያዘችው ኮፐንሃገን መምህሩን ኒልስ ቦርን የጎበኘበትን ምሽት ያነሣል። ምን እንደተባባሉ ሁለቱም ከጦርነቱ በኋላ አልተስማሙም። ፍሬይን ሦስቱን፣ ማለትም ሁለቱን ሊቃውንትና የቦርን ሚስት፣ ከሞቱ በኋላ መድረክ ላይ ያገናኝና ያንኑ ጉብኝት ደጋግሞ ያስጀምራቸዋል፤ በሩ ይንኳኳል፣ ሰላምታው ይለዋወጣል፣ ሁለቱ ለሽርሽር ይወጣሉ፣ በየጊዜውም ሌላ ነገር ይባላል። ክሱን አልደበቀም፤ ፍርዱን ግን ባላወቀው ነገር ላይ አልሰጠም። ክርክሩ እየጋለ ሲሄድ የቦር ቤተሰብ እስከ 2012 ተዘግቶ ሊቆይ የነበረውን፣ ቦር ለሃይዘንበርግ ጽፎ ያልላከውን ደብዳቤ ከሌሎች ሰነዶች ጋር በ2002 ለሕዝብ ለቀቀው። እኔ ሠላሳ ዓመት ሳስተምር አንድ የተዘጋ ሣጥን አላስከፈትሁም።

አሁን ወደ አንቺ ገጾች እንምጣ። ገጽ 12 ላይ ቪክቶሪያን «ይህ ልጅ ምርኮዬ ነው፤ አገሩ ምን ያደርግለታል?» አሰኝተሻታል። የት አገኘሽው? እኔ የማውቀው ልጁ በ1879 ሊድስ ላይ በ18 ዓመቱ መሞቱን በቴሌግራም ስትሰማ፣ በባዕድ አገር አንድ ዘመድ ሳይኖረው ብቻውን መሆኑን ጠቅሳ ሐዘኗን በዕለት ማስታወሻዋ ላይ መጻፏን ነው። ይህ ሐዘን መንግሥቷን ነጻ አያወጣውም። መቅደላን የዘረፈው ጦር የሰባት ዓመት ሕፃን ይዞ ሄደ፤ ልጁም ዊንዘር ተቀበረ። ክስሽ እውነተኛ ነው፤ እውነተኛ ክስ ደግሞ የሰለለ ክንድ አያስፈልገውም። ያቺ ሴት የምታለቅስበትን ማስታወሻና ልጁ የማይመለስበትን ውሳኔ ጎን ለጎን አቁሚያቸው፤ ከፈለግሽም እንደ ፍሬይን ሁለት ጊዜ አጫውቻቸው።

ገጽ 20 ላይ ግን አንድ ትዕይንት ሰርዘሽ «እቴጌ ጥሩወርቅ በ1868 በመንገድ ላይ ስለሞቱ ዊንዘር ሊገኙ አይችሉም» ብለሽ ከጎኑ ጽፈሻል። ምነው ልጄ! በማያስፈልገው ቦታ ጠንቃቃ ሆንሽ። ማርጋሬትም እኮ ሞታ ነበር። እናቱ በመቃብሩ ራስጌ ቆማ የምታወርደው ሙሾ ከረቂቁ ሁሉ የሚበልጠው ነው፤ መልሺው። ብቻ ሙሾውን በእንግሊዝኛ ስለጻፍሽው አንጀት አይበላም። በአማርኛ ታውርደው፤ ማንም አይተርጉምላቸው፤ ልጁም የሞተው ቋንቋውን ረስቶ ስለሆነ ከተመልካቹ እኩል አይሰማት። የሙሾ ግጥም ካስፈለገሽ አያትሽ አሉ፤ ትናንት ስለ ተውኔቱ ስነግራቸው ሳልጠይቃቸው ሁለት ቤት ገጠሙና «ለማን ነው?» ብለው ቆይተው ጠየቁኝ።

ረቂቁን በሚቀጥለው ሳምንት ወደዚያ ለምትመለሰው ለጎረቤታችን ልጅ ሰጥቻታለሁ፤ በርበሬውና ሽሮው አብረው አሉ። ገጽ 12ን የሰረዝሁት በእርሳስ ነው፤ ካልተስማማሽ ላጲስ ያጠፋዋል።

እናትሽ