«ባለቤቴ ትመለስልኝ» የሚል አቤቱታ

ክቡር አዘጋጅ፣

ሚስቱን ዘመዶቿ ቤት ዘግተው ያስቀመጡበት ሰው ለፍርድ ቤት የሚያስጽፈው ወረቀት ብዙ ጊዜ ከሠርጉ ቀን ይጀምራል፤ አማቶቹ የተናገሩትን ሁሉ ይዘረዝርና መጨረሻ ላይ «ባለቤቴ ትመለስልኝ» ይላል። ወረቀቱ ግን አካልን ነፃ የማውጣት አቤቱታ ነው፤ ያለ ሕግ የተያዘ ሰው እንዲለቀቅ የሚጠየቅበት እንጂ ሰውን ለሰው የሚያስረክብ አይደለም። ችሎቱ ከእገታ ያስለቅቃታል፤ ከዚያ ወዲያ የምትሄድበትን የምታውቀው እሷ ናት።

በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ጉዳዩን የያዘው ከ177 እስከ 179 ባሉት ሦስት አንቀጾች ነው። ከአቤቱታው ጋር ቃለ መሐላ ይያያዛል። በዚያ ላይ የያዛት ሰው ስም፣ የተያዘችበት ቦታና ሁኔታ፣ ምስክር ካለም ስሙ ይሰፍራል። መማል ያለባት ራሷ ነች። ካልቻለች ሌላ ሰው ይምልላታል፤ ያልቻለችበት ምክንያት ግን መጻፍ አለበት፣ ይህች መስመር ደግሞ በቀላሉ ትረሳለች። «ስልኳን ነጥቀዋታል፤ በዚህ ቀን በር ድረስ ሄጄ እንዳላያት ተከልክያለሁ» ብሎ በግልጽ ማስፈር ነው። ሕጉ «ሌላ ሰው» አለ እንጂ ባል አላለም፤ ስለዚህ እጮኛም ሊምል ይችላል።

«ቤተሰቦቿ ይዘዋታል» በሚል መጥሪያ አይደርስም። ቁልፉ ታላቅ ወንድሟ እጅ ከሆነ እሱ ከነሙሉ ስሙ፣ ከነወረዳው፣ ከነቤት ቁጥሩ ይጻፍ። ቁጥሩ ካልታወቀ የአጥሩ ቀለምና ቤቱ ከየትኛው ትምህርት ቤት ጀርባ እንዳለ ይገለጽ።

መጥሪያው የሚያዘው ተጠሪው፣ ማለትም የያዛት ሰው፣ እሷን ይዞ እንዲቀርብ ነው። ብቻውን መጥቶ «አሟት ነው፤ በፈቃዷ ነው ያለችው» ቢል አመልካቹ ይህን መቀበል የለበትም፤ ራሷ ትቅረብ ይበል። ስትቀርብም ወንድሞቿም ባሏም በሌሉበት እንድትጠየቅ ያመልክት፤ ወንድሟ አጠገቧ ቆሞ የምትሰጠው ቃል ብዙም አያስተማምንም። «እዚያው መኖር እፈልጋለሁ» ካለች በዚህ መዝገብ የሚጠየቅ ነገር አይቀርም። የትዳሩ ጉዳይ ራሱን የቻለ ክርክር ነው። ችሎቱ በአቤቱታው እውነትነት ከተጠራጠረ፣ በተፈለገች ጊዜ እንድትቀርብ ግዴታ አስገብቶ፣ በዋስም ያለ ዋስም ሊለቃት ይችላል።

የያዛት ፖሊስ ከሆነ የተያዘችበት ቀን ብቻ ሳይሆን ሰዓቱም ይጻፍ፤ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 19 መሠረት በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት መቅረብ አለባት፤ የጉዞው ጊዜ አይቆጠርም። ፍርድ ቤት በሕጉ መሠረት የጊዜ ቀጠሮ (ምርመራው እስኪጠናቀቅ ተይዛ እንድትቆይ) ከፈቀደባት በኋላ ግን ይህ አቤቱታ አያዋጣም፤ የሚያስኬደው የዋስትና ጥያቄና ይግባኝ ነው።

ሽማግሌ መላኩ አይከፋም። ግን መዝገቡ ከተከፈተ በኋላ ይላክ፤ ሽማግሌ ሲመላለስ እሷን ወደ ሌላ ከተማ ከወሰዷት በቃለ መሐላው ላይ ያለው አድራሻ ባዶ ቤት ይሆናል።

አንድ ጠበቃ