ዘፋኟን አወቅናት፣ ኦርኬስትራውን የመራውስ?

ለዝግጅት ክፍሉ፤

በአውሮፓ አገሮች በየዓመቱ በዘፋኞቻቸው ስለሚፎካከሩበት ስለ ዩሮቪዥን የዘፈን ውድድር ታሪክ ያወጣችሁትን ጽሑፍ ወድጄዋለሁ። አንድ ነገር ግን ከነከነኝ። ዘፋኞቹ ከነልብሳቸው ቀለም ተዘርዝረዋል። ዘፈኑን ስላቀናበረውና ኦርኬስትራውን ስለመራው ሰው ግን አንድ መስመር እንኳ የለም። እስቲ የአንዱን ስም እኔ ልጨምር፦ ሆላንዳዊው ዶልፍ ፋን ደር ሊንደን። (ዓመቶቹ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።)

ዶልፍ በ1915 ሮተርዳም አጠገብ ባለችው ፍላርዲንገን ተወለደ። በ1945 አገሩ ከናዚ ወረራ ገና ስትወጣ ሜትሮፖል ኦርኬስትራን አቋቋመ። እስከ 1980 ድረስም መራው። 35 ዓመት! መቀመጫቸው የሆላንድ ሬዲዮ ጣቢያዎች የተሰባሰቡባት ሂልቨርሰም ነበረች።

የሜትሮፖል ልዩ ነገሩ ድብልቁ ነው። የጃዝ ባንድ ጥሩምባና ሳክስፎን ከሲምፎኒ ቫዮሊኖች ጋር አንድ ላይ ይጫወታሉ። ለእንዲህ ያለ ቡድን ማቀናበር ራስ ያዞራል። ጥሩምባው ትንሽ ከበረታ ቫዮሊኑ አለቀለት፣ አይሰማም። ዶልፍ ሚዛኑን ያውቅበት ነበር። ሰው ቡና እየጠጣ በሬዲዮ ለሚሰማው ለስላሳ ሙዚቃ ይህን ያህል መልፋት ለምን ይሉ ይሆናል። ጆሮ ሳይቆረቁር የሚያልፈው ግን ስለተለፋበት ነው።

ሌላም ሥራ ነበረው። በ1940ዎቹ መጨረሻ የእንግሊዝ ሙዚቀኞች ማኅበር አባላቱ ለፊልምና ለሬዲዮ ማጀቢያ የሚሆን ሙዚቃ እንዳይቀዱ ከለከለ። የለንደን የሙዚቃ አሳታሚዎች ምን ያድርጉ? ባሕር ተሻገሩ። ፓክስተን የተባለው አሳታሚ ከዶልፍና ከኦርኬስትራው ጋር ሠራ። ዶልፍ ራሱም ናት ኒልና ዴቪድ ጆንሰን በሚሉ የብዕር ስሞች ሙዚቃ ይጽፍ ነበር። እንግዲህ ሙዚቃውን ሰምቶ የማንነቱን ያላወቀ ሰው ስንት ይሆን!

ወደ ዩሮቪዥን ልመለስ። ያኔ ሙዚቃው እዚያው መድረክ ላይ፣ በቀጥታ ነበር የሚጫወተው። መሪው ከተሳሳተ ዘፋኟ አብራ ወደቀች ማለት ነው። በ1957 ፍራንክፈርት ላይ ኮሪ ብሮከን፣ በ1959 ካን ላይ ቴዲ ስኮልተን ለሆላንድ ሲያሸንፉ ኦርኬስትራውን የመራላቸው ዶልፍ ነው። በ1970 አምስተርዳም ላይ አየርላንዳዊቷ ዳና ስታሸንፍም እሱው ነበር።

ዶልፍ በጥር 1999 አረፈ። በዚያው ዓመት ግንቦት ኢየሩሳሌም ላይ በተካሄደው ውድድር ኦርኬስትራ ቀረ፤ እስከ ዛሬም አልተመለሰም። ቤተ እስራኤላዊቷ ኤደን አለነ በ2021 እስራኤልን ወክላ ስትወዳደር ያጀባት የተቀዳ ሙዚቃ ነው። ቦታው ደግሞ ሮተርዳም፣ የዶልፍ ሰፈር ማለት ይቻላል። አማርኛ ያለበት የ2020 ዘፈኗማ ውድድሩ በኮሮና ስለተሰረዘ መድረኩን ሳያይ ቀረ። ያን ዘፈን ከነሙሉ ቫዮሊኑ ብንሰማው እንዴት ደስ ባለኝ።

ሜትሮፖል ዛሬም አለ። በ2010ዎቹ መጀመሪያ መንግሥት በጀት ሲቀንስ ሊዘጋ ምንም አልቀረውም ነበር። ተርፎ ስናርኪ ፐፒ ከተባለው የአሜሪካ የሙዚቃ ቡድን ጋር የሠራው አልበም በ2016 ግራሚ አገኘ።

በሚቀጥለው ጊዜ ስለ ዘፈን ስትጽፉ፣ እባካችሁ ከዘፋኙ ስም ቀጥሎ የአቀናባሪውንና የኦርኬስትራ መሪውን ስም አስገቡልን። የዘፋኞቹ ልብስ ቀለም ቢቀር ቦታ ይበቃል።

ከአክብሮት ጋር፣
የዘወትር አንባቢያችሁ