ጁሊ አንድሩስን ድምፅ ያሳጣት ዕድሜ አይደለም

ይድረስ ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፤

ስለ እንግሊዛዊቷ ተዋናይትና ድምፃዊት ጁሊ አንድሩስ ያወጣችሁትን ጽሑፍ በደስታ አንብቤዋለሁ። ሁለት ነገሮች ግን መታረም አለባቸው። አንደኛው ድምፅዋ የተፈጥሮ ስጦታ ስለሆነ ያለ ብዙ ድካም ለዝና በቃች የሚለው ነው። ሁለተኛው ዕድሜዋ ሲገፋ ድምፅዋ ከዳት የሚለው ነው። ልጆቻቸውን ለመድረክ የሚያዘጋጁ ወላጆች እንዲህ ያለውን ነገር አምነው ስለሚቀበሉት ዝም ማለት አልቻልኩም።

ጁሊ እ.ኤ.አ. በ1935 በሰሪ፣ ዋልተን ኦን ቴምዝ ተወለደች። እናቷ ፒያኖ ተጫዋች፣ እንጀራ አባቷ ቴድ አንድሩስ ደግሞ ዘፋኝ ነበሩ፤ ሁለቱም በየቴአትር ቤቱ እየዞሩ ይሠሩ ነበር። ልጅቷ ከሊሊያን ስታይልስ አለን ዘንድ ለዓመታት የድምፅ ትምህርት ተከታትላለች። በ1947 በለንደኑ ሂፖድሮም ቴአትር ቤት በ12 ዓመቷ የኦፔራ ዜማ ስትዘፍን ከከፍተኛው ሲ በላይ ያለውን፣ ኤፍ የተባለውን እጅግ ቀጭን ኖታ ታወጣ ነበር። በቀጣዩ ዓመት በፓላዲየም ቴአትር ቤት በተዘጋጀው ንጉሣዊ የትርኢት ምሽት ላይ ስትቀርብ ገና 13 ዓመቷ ነበር።

ያ ኤፍ ምን እንደሚጠይቅ ላስረዳ። ኖታው እንዲወጣ በጉሮሮ ውስጥ ያሉት የድምፅ አውታሮች በሴኮንድ ወደ 1,400 ጊዜ መርገብገብ አለባቸው። የልጅ አውታር አጭርና ስስ ስለሆነ ወደ ላይ መውጣቱ አይከብደውም፤ ነገር ግን ጫናን የሚችለው የውስጥ ሽፋኑ ተደራጅቶ የሚጠናቀቀው በጉርምስና ዕድሜ ነው። ስለዚህ ልጅ ኖታውን ደረሰበት ማለት በየምሽቱ ይደጋግመው ማለት አይደለም። አውታሩ ማበጥ ሲጀምር መጀመሪያ የሚጠፋው ጮክ ተብሎ የሚዘፈነው ሳይሆን በለሆሳስ የሚወጣው ከፍተኛ ድምፅ ነው። መፈተኛውም ቀላል ነው፦ ልጁ ጠዋት ከፍ ባለው የድምፁ ክልል አንዲት አጭር ዜማ በጣም ቀስ ብሎ ይዝፈን። ድምፁ ዘግይቶ ከተነሣ፣ ወይም መጀመሪያ ትንፋሽ ብቻ ከወጣና ድምፁ ከኋላ ከተከተለ የዚያን ዕለት ልምምድ መቅረት አለበት። በኃይል ማንሾካሾክም እረፍት አይደለም፤ አውታሩን ያደክመዋል። ከሁለት ሳምንት በላይ የቆየ መጎርነን ደግሞ ለጉሮሮ ሐኪም መታየት አለበት።

እንግሊዝ አገር ይህን ጉዳይ ለወላጅ ስሜት ብቻ አልተወችውም። በ2014 በወጣው ደንብ መሠረት ዕድሜው 9 ዓመትና ከዚያ በላይ የሆነ ተማሪ በትርኢቱ ቦታ መቆየት የሚችለው በቀን ቢበዛ ዘጠኝ ሰዓት ተኩል ነው። ከዚያም ውስጥ ልምምዱና ትርኢቱ ተደምረው ከ5 ሰዓት ማለፍ የለባቸውም። ከ5 እስከ 8 ዓመት ላሉት ጣሪያው 3 ሰዓት፣ ከዚያ በታች ላሉት 2 ሰዓት ነው። ልጁ በትርኢት እንዲሠራ ፈቃዱን የሚሰጠው የሚኖርበት አካባቢ አስተዳደር ሲሆን ማመልከቻው ለትርኢቱ ከ21 ቀን ያነሰ ጊዜ ሲቀረው ከቀረበ ውድቅ ሊደረግ ይችላል። ብዙ ዝግጅት የሚሰናከለው እዚህ ላይ ነው፦ አዘጋጁ ልጁን ዘግይቶ ይመርጣል፣ የትምህርት ቤቱ ደብዳቤ ይቆያል፣ ቀኑ ያልፋል። ወላጅ በሌለበት ፈቃድ ያለው አጃቢ የግድ ነው፤ አንድ አጃቢ ከ12 ልጆች በላይ መያዝ አይችልም።

ወደ ጁሊ ልመለስ። በኒውዮርኩ የቴአትር መንደር በብሮድዌይ ላይ ለመጀመሪያ ጊዜ የታየችው በ1954፣ 19ኛ ዓመት ልደቷ ዋዜማ ላይ ነው። በ1956 ኢላይዛን ሆና የተጫወተችበት ሙዚቃዊ ቴአትር «ማይ ፌር ሌዲ» ተከፈተ። የብሮድዌይ ሳምንት ስምንት ትርኢት ነው። አበባ ሻጯ ኢላይዛ በመጀመሪያው ክፍል ትጮኻለች፣ ትነጫነጫለች፣ ትሳደባለች፤ ብዙም ሳይቆይ በጠራ ሶፕራኖ (ቀጭን የሴት ድምፅ) ከፍ ያለ ዜማ ትዘፍናለች። በኔ ግምት ከባዱ ዜማው አይደለም፤ ከጩኸቱ ወደ ዜማው መሻገሩ ነው። አውታርን የሚጎዳው አብዛኛውን ጊዜ በጉሮሮ የተገፋ ጩኸት ነውና። ያንን ሸክም ኒውዮርክ ላይ፣ ቀጥሎም ከ1958 ጀምሮ ለንደን ላይ መሸከም የቻለችው በልጅነቷ በተማረችው የትንፋሽና የአነጋገር ሥርዓት ነው። ይህን «ያለ ድካም» ማለት ግፍ ነው።

ድምፅዋን ያጣችውም በእርጅና አይደለም። በ1995 በተከፈተው የብሮድዌይ ሥራዋ ላይ ድምፅዋ ታወከ፤ በ1997 የጉሮሮ ቀዶ ሕክምና ተደረገላት፤ ከዚያ በኋላ የቀድሞው የዘፈን ድምፅዋ አልተመለሰም። ምክንያቱን ለመረዳት የአውታሩን አሠራር ማወቅ ያስፈልጋል። ላይኛው ሽፋን ልል ሆኖ ከሥሩ ባለው ክፍል ላይ እንደ ልቡ መንሸራተት አለበት። ቀዶ ሕክምና ጠባሳ ከተወ ሽፋኑ ከሥሩ ጋር ይጣበቅና ይደርቃል። ያን ጊዜ ንግግር ይቻላል፤ ከፍ ያለ ቀጭን ዜማ ግን አይቻልም።

ከዚያ በኋላ ያለውን ሥራዋን ጽሑፋችሁ በአንድ ዓረፍተ ነገር ማለፉ ያሳዝናል። በ2003 ቴአትር ማዘጋጀት ጀመረች፤ በብሮድዌይ መጀመሪያ የታየችበትን ያንኑ ሥራ ነበር ያዘጋጀችው። ከልጇ ጋር ለሕፃናት መጻሕፍት ጻፈች። በ2004 በአንድ ፊልም ውስጥ በጠበበው የድምፅ ክልሏ ልክ የተዘጋጀላትን፣ ግማሹ ንግግር የሆነ ዜማ አቀረበች። ከ2020 ጀምሮ ደግሞ «ብሪጀርተን» በተባለው ተከታታይ ድራማ ላይ ተራኪ ናት፤ ፊቷ አይታይም፣ የሚሰማው ያ ጥርት ያለ አነጋገሯ ነው።

በመጨረሻም የፎቶግራፉ መግለጫ ይስተካከል። ኦስካር ያገኘችው በ1964ቱ «ሜሪ ፖፒንስ» እንጂ በ«ዘ ሳውንድ ኦፍ ሚውዚክ» አይደለም፤ በኋለኛው ታጭታ ነበር፣ ሽልማቱን የወሰደችው ግን ሌላዋ ተዋናይት ጁሊ ክሪስቲ ናት።

ከአክብሮት ጋር፣
የድምፅ ሥልጠና መምህር