ለአባባ፣ ስለ ሐሙሱ ቀጠሮ

ይድረስ ለምወድዎ አባባ፣

እንዴት ሰነበቱ? ግፊቱስ እንዴት አደረገዎት? መድኃኒቱ ሳያልቅ ይንገሩኝ ብዬ ነበር። ዝም ሲሉ አልቆ ይሆናል ብዬ ገዝቼ ልኬያለሁ። ትንሿ የፊት ጥርሷ ወልቆ ስትስቅ አፏን በእጇ ትሸፍናለች። ትልቁ ፈተናውን አልፏል። ሁለቱም አጎታችን የት ሄደ ይሉኛል፤ ለሥራ ነው እላቸዋለሁ።

ስለ ወንድሜ መታሰር አቤቱታ አስገባሁ ስልዎት «ከመንግሥት ጋር አትካሰሺ» ብለው ስልኩን ዘጉብኝ። አባባ፣ አካልን ነጻ የማውጣት አቤቱታ እኮ ነው። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 19 የተያዘ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት ይቅረብ ይላል፤ የማይቆጠረው የመንገዱ ጊዜ ብቻ ነው። ካላቀረቡት ፍርድ ቤቱ እንዲያስለቅቀው መጠየቅ መብት ነው። እሱ እዚያ ሆኖ መፈረም ስለማይችል ቃለ መሐላውን በእሱ ፈንታ እኔ ፈረምኩ። ማን እንደያዘው፣ የት እንዳለ፣ ይህን የሚያውቀው ማን እንደሆነ ጻፍኩ።

ዳኛዋ ይዛችሁት ቅረቡ፣ ለምን እንደያዛችሁትም አስረዱ አሏቸው። የመጣው መልስ አንድ መስመር ነው፦ «የተጠቀሰው ግለሰብ በእኛ ዘንድ የለም።» በዚያው ቀን ጠዋት የቆሸሸ ሸሚዙን በር ላይ ተቀብያለሁ። ሰማያዊው ነው፤ ነፍሷን ይማርና እማዬ ክር አጥታ አንገትጌው ላይ በጥቁር ክር ቁልፍ የሰፋችለት። የለም ካሉ ይህን ማን አወለቀው?

ጠበቃው ሸሚዝ ብቻውን አይበቃም፣ በዓይኑ ያየው ሰው ያስፈልጋል ይላል። ሽበትዎን አይተው እሱ ዘንድ ያስገቡት እርስዎን ብቻ ነው።

ይህን ለመጻፍ ከራሴ ጋር ብዙ ታግያለሁ። ወንድምዎ የታሰረበትን ቦታ እርስዎ ያውቁ ነበር። አያቴ በየበሩ ስትንከራተት ዝም አሉ። ለእኛ ብለው እንደሆነ ይገባኛል፤ በዚያን ጊዜ የተናገረ ሰው ምን ይደርስበት እንደነበር አልረሳሁም። ግን ሳታውቅ ሞተች፣ አባባ። ይህ እስከ ዛሬ ከሆዴ አልወጣም።

ይህ አቤቱታ የሚቀርብበት የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ እኮ በ1958 ዓ.ም. የወጣ ነው። ወንድምዎ ሲወሰድም ወረቀት ላይ ነበር፤ ደፍሮ አቤት የሚል ግን ማን ነበር? ዛሬ ቢያንስ ቀጠሮ ሰጥተውናል። አልዋሽዎትም፣ ዳኛ ይፈታ ብሎም ሳይለቀቁ የቀሩ፣ ከበር ላይ የተመለሱም አሉ። ቢሆንም መዝገቡ ላይ «የለም» ተብሎ እንዲቀር አልፈልግም። የለም የተባለ ሰው ነገ አንድ ነገር ቢሆን ማንን እንጠይቃለን?

ቀጠሮው ሐሙስ ጠዋት 3 ሰዓት ነው። እሺ ካሉኝ ባለቤቴ ረቡዕ ማታ መጥቶ ይወስድዎታል። የታደሰው መታወቂያዎ መሳቢያው ውስጥ ነው። ችሎቱ ፎቅ ላይ ስለሆነ በጊዜ ደርሰን ቀስ ብለን እንወጣለን። የሚጠየቁት ያዩትን ብቻ ነው። እምቢ ካሉም ደውለው እምቢ ይበሉኝ፤ ዝም ግን አይበሉኝ።

ልጅዎ